ከሰልፍ ወደ ስልክ

ጋሽ ሞላን በዚህ ስም የማያውቃቸው የሰፈር ሰው የለም፤ እናታቸው ያወጡላቸው ስም ግን ሌላ ነው። ሞላ የተባሉት ዕድሜያቸውን ሙሉ የሶፋ ሞላ ሲያስሩ ስለኖሩ ነው። ሰፋ ያለ የሶፋ መሥሪያ ቤት አላቸው፤ ቆራጩ፣ ሰፊዋ፣ አናጢው፣ ሁሉም በየጥጉ ሥራውን ይዞ ይውላል። ጋሽ ሞላ የሠራተኛ ደመወዝ አዘግይተው አያውቁም። ከደመወዙ ላይ የሚቆረጠውን የሥራ ግብርና የጡረታ መዋጮም በየወሩ በገዛ እጃቸው ካላደረሱ እንቅልፍ አይወስዳቸውም።

አንድ ቀን ረፋድ ላይ እንደ ልማዳቸው ግብር ቢሮው በር ላይ ተሰልፈው ሳለ ጉልበታቸው እምቢ አለ። ከኋላቸው ለቆመችው ሴት «እናቴ፣ ተራዬን ያዢልኝ» ብለው፣ ማዶ ካለው የጥርስ ክሊኒክ ደረጃ ላይ አረፍ አሉ። ጉልበታቸውን እያሹ ሳለ ከበላያቸው፣

«ውይ ጋሼ! ምነው፣ ጥርስዎን አመመዎት?» የሚል ድምፅ ሰሙ።

ቀና ሲሉ የታናሽ ወንድማቸው ልጅ ናት። በሒሳብ ሠራተኛነት መቀጠሯን ሰምተዋል፤ የት እንደሆነ ግን ልብ አላሉትም ነበር።

«ጥርሴስ ደህና ነው፤ የከዳኝ ጉልበቴ ነው» አሉ ተነሥተው እየሳሟት። «የሠራተኞቼን ግብር ልከፍል መጥቼ ነው። ከሰዓት ደግሞ አንዲት ባለሆቴል ለምግብ አዳራሿ ወንበሮች ጨርቅ ልትመርጥ ትመጣለች። ካጣችኝ ወደ ሌላ ሶፋ ሠሪ መሄዷ ነው። ሰልፉ እንደሆነ እንደምታይው ነው፤ ወደ ኋላ ነው መሰለኝ የሚሄደው።»

«እኔ እኮ የዚህን የክሊኒካችንን ሠራተኞች ግብር ትናንት ወንበሬ ላይ ተቀምጬ ጨረስኩት፤ ሻዬ እንኳ አልቀዘቀዘም። ጋሼ፣ ለምን በኢንተርኔት አይከፍሉም?»

«ተይ ልጄ! የራሴ ገንዘብ ቢሆን ግድ አልነበረኝም። ይኼ የሰው ነው። ከሰፊዋ፣ ከቆራጩ ላይ ቆርጬ የያዝኩት አደራ ነው። አደራን ለማላየው ሰው በአየር ላይ አልወረውርም።»

ልጅቱ ልትስቅ ብላ ተወችው። አጎቷን የያዛቸው ስንፍና ሳይሆን ጥንቃቄ መሆኑ ገባት። ጥንቃቄን ደግሞ በሳቅ አያሸንፉትም፤ ምክንያት ይጠይቃል።

«እውነትዎን ነው፤ አደራ ነው። ግን የአደራ ቁም ነገሩ በጊዜው መድረሱም ጭምር አይደል? ጉልበትዎ አንድ ወር ከቤት ቢያውልዎ ቅጣቱ የማን ሊሆን ነው? እስቲ ልጠይቅዎ፤ ለጨርቅ አስመጪው በምንድን ነው የሚከፍሉት?»

«በስልክ ነዋ፣ በባንኩ።»

«ሰውየውን አይተውት ያውቃሉ?»

ጋሽ ሞላ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «ድምፁን አውቀዋለሁ።»

«በድምፅ ብቻ ለሚያውቁት ነጋዴ በስልክ እየላኩ፣ ፊት ለፊትዎ የተገተረውን ቢሮ ፈሩት?»

«አንቺ ልጅ፣ ምላስሽ ያባትሽ ነው!» አሉና ሳቁ። ወዲያው ግን ፊታቸው ኮስተር አለ። «እባብ ያየ በልጥ በረየ ሆኖብኝ እኮ ነው። ጎረቤቴን ባለመስታወቱን ‹ከባንክ ነው› ብለው ደውለው ያለ የሌለ ገንዘቡን ጠራርገው ወሰዱበት። ደግሞስ ስህተት ቢፈጠር? ከመስኮቱ ልጅ ጋር እከራከራለሁ፤ ከስልክ ጋር ማን ይከራከራል?»

«ባለመስታወቱ የሚስጥር ቁጥሩን በአፉ ነግሯቸው ነው። ቢሮውም ሆነ ባንኩ ደውሎ ያንን አይጠይቅም። ሰው የላከልዎትን ሊንክም አይከፍቱም፤ የቢሮውን አድራሻ ራስዎ ጽፈው ይገባሉ። ስህተት ከተገኘ ደግሞ ደረሰኙን ይዘው ያው መስኮት ጋ መሄድ ነው፤ አላፈረሱትም እኮ!»

ጋሽ ሞላ ሰልፉን አዩ፤ ፀሐይዋንም አዩ። «በይ እንሞክረው። የምነካካው ግን እኔው ነኝ።»

የልጅቱ ቢሮ ጠባብ ናት፤ የጥርስ ሐኪሙ መሣሪያ ከግድግዳው ማዶ ይጮኻል። ኮምፒውተሯ ፊት ያለውን ወንበሯን ለቀቀችላቸውና አጠገባቸው ቆመች። የቢሮውን አድራሻ ራሳቸው ጽፈው የግብር ከፋይ መለያ ቁጥራቸውን ሲያስገቡ ማረጋገጫ ኮድ ስልካቸው ላይ መጣ። የሚስጥር ቃል ለመጻፍ ሲዘጋጁ እሷ ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች።

«ምነው?»

«እኔም ቢሆን ማየት የለብኝም።»

ይህች ቃል ከክርክሩ ሁሉ ይልቅ ልባቸው ውስጥ ገባች።

የሠራተኞቻቸውን ስምና ደመወዝ አንድ በአንድ መሙላት ጀመሩ፤ ግብሩንና መዋጮውን ማሽኑ ራሱ ያሰላዋል። ነገሩ ሲቀልላቸው ፈጠን ፈጠን አሉ። ድንገት፣

«ኧረ ዘረፉኝ! ቆራጬ መቼ ነው ሚኒስትር የሆነው?» ብለው ጮኹ።

«የቸኮለ አፍሶ ለቀመ! ደመወዙ ላይ አንድ ዜሮ ጨምረውለት ነው። ገና ‹አረጋግጥ› የሚለውን ስላልነኩ ያርሙታል። ወረቀት ላይ ቢሆን ኖሮ ሰልፉን ጨርሰው መስኮቱ ጋ ሲደርሱ ነበር ‹አስተካክለው ይምጡ› የሚባሉት።»

አረሙት። መነጽራቸውን ወልውለው ከላይ እስከ ታች አነበቡና አረጋገጡ። የመክፈያ ቁጥር መጣላቸው፤ ቁጥሩን ለጨርቅ አስመጪው ገንዘብ በሚልኩበት የስልካቸው የባንክ መተግበሪያ ላይ አስገብተው ከፈሉ። ደረሰኙ ወዲያው መጣ።

«አለቀ?»

«አለቀ። ሲፈልጉ ያትሙታል፤ ሲፈልጉ እዚያው ይቀመጥልዎታል። ብቻ በመጨረሻው ቀን አይሞክሩት፤ ሁሉም ሰው በአንዴ ሲገባ ይጨናነቃል።»

ሲወጡ ተራቸውን ለያዘችላቸው ሴት «እናቴ፣ ተራዬን መርቄልሻለሁ!» ብለው አለፉ። ባለሆቴሏም ጨርቁን እየዳበሰች ሳለ ደረሱባት። ጥቁር አረንጓዴውን መረጠች፤ ለወንበሮቿም ቀብድ ከፍላ ሄደች።

በሚቀጥለው ወር ጋሽ ሞላ የመክፈያው ቀን ገና ሳይቃረብ፣ ከጠዋት ሥራ በፊት ሠራተኞቻቸውን ሰብስበው በዓይናቸው ፊት በስልካቸው ከፈሉ። እግራቸው አልደከመ፣ ሱቃቸው አልተዘጋ፣ ቅጣት የሚባል ስጋት የለ። ባለመስታወቱንም አጠገባቸው አስቀምጠው፣ «ሚስጥርህን ለማንም አትንገር እንጂ በሩስ ደህና በር ነው» እያሉ ያስተምሩት ነበር። በእርግጥም ለአሠሪ ይህን የመሰለ እፎይታ የለም፦ ሒሳቡ ሳይሳሳት ይሰላል፣ ስህተቱ ሳይከፈል ይታረማል፣ ደረሰኙም አይጠፋም።

ሰፊዋ ከስፌት መኪናዋ ተነሥታ ቀረብ አለች። ብዙ ዓመት አብራቸው የሠራች፣ ዝምተኛ ሴት ናት።

«ጋሽ ሞላ፣ የእኔም ጡረታ እዚህ ውስጥ አለ?»

«አለ እንጂ! ይኸውልሽ ስምሽ። ይኼ ካንቺ የተቆረጠው፤ ይኼ ደግሞ እኔ የጨመርኩልሽ።»

ሴትየዋ ጎንበስ ብላ ስሟን ቀስ እያለች አነበበች፤ ደገመችውም።

«እኔ ሲቆረጥብኝ እንጂ ሲጻፍልኝ አይቼ አላውቅም ነበር» አለች፤ ፊቷም በራ።