ያልቆሸሸው አስራ ስድስት ቁጥር

እንደምን ዋልሽ እቴ? በርሽን ገርበብ አድርገሽው ሳይ የለሽም ብዬ ልመለስ ነበር። ምን ዓይነት ደመና ነው ዘንድሮ? ከማለዳ ጀምሮ ገመድ ላይ ያሰጣሁት ሁሉ እንደረጠበ ነው። ካልሲ ብቻ ስልሳ አንድ። አንዷ የት እንደቀረች የለበሳት እግር ይወቅ። ያንቺ ስፌት መኪና ግን ድምጿ ለስልሷል፤ ዘይት አጠጣሻት መሰል? ጎሽ። ከሰው ይልቅ መኪና ውለታ ያውቃል።

ደንበኛ አለሽ እንዴ? ከመጋረጃው ሥር ጫማ ያየሁ መሰለኝ። ቡናማ፣ ሹል፣ ፊት የሚያሳይ... አይ፣ የሰው ደንበኛ ማን ነው ብዬ የምጠይቅ ሴት አይደለሁም። ኮት እየለካ ይሆናል። እስፒል ሰክተሽበት ከሆነ እንዳይንቀሳቀስ ንገሪው፣ ይወጋዋል። እኔ እንደሆንኩ ቀስ ብዬ ነው የማወራው።

ምነው ዓይንሽ? ትንኝ ገባበት? በይ አትሺው፣ ይብስበታል።

የመጣሁትማ ለዚህ ማልያ ነው። አስራ ስድስት ቁጥር። ባለፈው ወገቡን ያጠበብሽው... አዎ፣ አንቺው ነሽ። ለቀጭን ሰው ነው ተባልሽ፣ አጠበብሽ። የታዘዘ ምን ያድርግ? አሁን ግን ተርትሪልኝ። ትከሻውንም ልቀቂው፣ አንገቱንም ሰፋ አድርጊው። ለማን ነው አትበይኝ። እንዲያው ሰፊ ማልያ ደስ ይለኛል።

አስራ አንድ ዓመት የብሔራዊ ራግቢ ቡድኑን ልብስ ሳጥብ ጨዋታውን አይቼ አላውቅም ነበር ብልሽ ታምኛለሽ? ምን ያደርግልኛል? ልብሱ ይነግረኛል። የሮጠ ብብቱ ይመስክር፣ የገፋ ትከሻው። ባለፈው ወር ከማጣሪያው ሲመለሱ ሃያ ሦስት ማልያ ዘርግፌ ቆጠርኩ። ሃያ ሁለቱ ጭቃ ነው፣ ሣር ነው፣ ደም ነው። አስራ ስድስት ቁጥር ግን... እጥፋቱ እንኳ አልተበላሸም። ደግሞ ሽቶ ሽቶ ይላል። የምን ሽቶ እንደሆነ ባላውቅም ርካሽ አይደለም። በረኪና ላስነካው እጄ ሳሳ።

የማን ነው ትዪኝ ይሆናል። ስም አልጠራም። የሰው ስም ከጠራሁት ይቆሽሻል፣ እኔ ደግሞ የማጥበው ሞልቶኛል።

ብቻ የተጫዋቾቹን ዝርዝር የሚጽፈው ሰው... እንዴት ያለ ዘመድ አክባሪ ሰው ነው። ዘመድ ከዘመዱ አህያ ከአመዱ ይሉ ነበር የድሮ ሰዎች። የዛሬው አህያ ግን አመድ አይወድም እቴ፤ በመስኮት በኩል መቀመጥ ነው የሚወደው። የአውሮፕላን ትኬቱ ለተጫዋች ብቻ ነው ተባለ። ሌላው ሰው ቢሆን ምን ያደርጋል? የሚስቱን ወንድም ቤት ትቶት ይሄዳላ። እሱ ግን ልቡ አልቻለም። ተጫዋች አደረገው። ዘጠኝ ዓመት የሠለጠነ ሰው እያለ በአንድ ቀን ተጫዋች ማድረግ... ይሄ ተሰጥኦ ነው፣ ተምረሽ አታገኚውም።

ያን ቀን ጨዋታውን አየሁት። ለመጀመሪያ ጊዜ። ወንድሜ ግንዱ ከዱቄት መጋዘኑ በቀጥታ ማጠቢያ ክፍሌ መጣ፣ ጢሙ ሳይቀር ዱቄት ሆኖ፣ ስልኩን ከሳሙናው ላይ አስደግፎ ቁጭ አለ። የዚያ ማልያ ባለቤት ማን እንደነበር ታውቂያለሽ አይደል? እኔም ረስቼዋለሁ። ሁላችንም የምንረሳበት ዘመን ነው።

ራግቢ አታውቂም፣ ልንገርሽ። ስምንት ሰው ከስምንት ሰው ጋር አጎንብሶ የሚገፋፋበት ነገር አለ። ከፊት ያሉት ሦስቱ አንገት ለአንገት ነው የሚቆላለፉት። የኛ ልጆች ሩጫ አይሆንላቸው፣ ኳስ አያያዛቸውም የረጠበ ሳሙና እንደመያዝ ነው። መግፋት ግን... የአውቶቡስ ሰልፍ ያሳደገው ሰው መግፋት ይቸግረዋል? የገጠመንን ያን ትልቅ አገር ገፉት። ዕረፍት ሲወጡ አስራ አምስት ለአሥር እየመራን ነበር። እየመራን እኮ ነው የምልሽ፣ ከተመሠረትን ጀምሮ ታይቶ የማያውቅ። ግንዱ የሳሙና ካርቶን ላይ ተቀምጦ ዕንባው በዱቄቱ ላይ ወረደ። አልቀናም። ሰው ሁሉ ሲቀና እሱ አልቀናም፣ እኔን ያናደደኝም ይሄ ነው።

ከዕረፍት መልስ ግን ከፊት ከሦስቱ መሀል የሚቆመው፣ ያ የሒሳብ አስተማሪ፣ አንገቱን ተመታ። እጁን አነሣ። ቀይሩኝ ነው። ያ ዝርዝር የሚጽፈው ሰው ታዲያ ከመስመሩ ዳር ሆኖ፣ «በርታ፣ አንተ አንበሳ ነህ» አለው። አስተማሪው ደግሞ አነሣ። «በርታ» አለው። አሥር ደቂቃ ሙሉ እቴ... አሥር ደቂቃ ሙሉ አንበሳ ነህ ተባለ። እንዲህ ሰው የሚያበረታታ መሪ የት ይገኛል? አንገቱን ማቅናት ላቃተው ሰው እንኳ ቀና በል ይላል። ምቀኛ ሲያወራ፣ ተቀያሪው ከተጠራ ጉዱ ይወጣል ብሎ ነው ይላሉ። እኔ አላምንም። ፍቅር ነው እንጂ።

ኋላ ዳኛው ራሱ ጨዋታውን አስቁሞ አስወጣው፣ ተቀያሪ ጠራ። አስራ ስድስት ቁጥር ተነሣ። ካሜራ አንገቱ ላይ አንጠልጥሎ። ዳኛው በዚህ ቦታ ሠልጥነሃል ወይ ብሎ ቢጠይቀው፣ ልጁ መዋሸት አያውቅም፣ በጋብቻ እንጂ በደም ስላልሆነ ይሆናል... «እኔ ፎቶ ላነሣ ነው የመጣሁት» አለ። አስተማሪው ነው የነገረኝ፣ ቃሬዛ ላይ ተኝቶ የሰማውን። ስቄ ልሞት ነበር አለኝ፣ መሳቁ አንገቱን ባያመው።

ያልሠለጠነ ሰው እዚያ ከገባ አንገት ይሰበራልና መገፋፋቱ ተከለከለ። በደንቡ መሠረት አንድ ሰውም ተቀነሰብን። እንግዲህ መግፋት ብቻ የሚያውቅን ቡድን አትግፋ ስትዪው ምን ይቀረዋል? ስልሳ አንድ ለአስራ አምስት። አዎ፣ እንደ ካልሲዎቹ።

አይጥ በበላ ዳዋ ተመታ ይላሉ። ጋዜጣው ተጫዋቾቹን ሰደበ፣ አሠልጣኙ ተባረረ። ያ ሰው ግን አልተከፋም። ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል ይባላል፤ እሱማ ቁጭት የሚባል ነገር የሌለበት ንጹሕ ሰው ነው። እንዲያውም ለመልሱ ጨዋታ አዲስ ኮት እያሰፋ ነው አሉ፣ አርማው ደረቱ ላይ። የት እንደሚያሰፋ አላውቅም።

አሁንም ትጠቅሽኛለሽ? ሐኪም ዘንድ ሂጂ እባክሽ።

ኧረ... ያ ጫማ የት ሄደ? ከመጋረጃው ሥር የለም። በርጩማ ላይ ወጣ እንዴ? ምን ይደረግ፣ አንዳንድ ሰው ከፍታ ይወዳል። አናቱ ብቻ በላይ በኩል ብቅ ብሏል፣ ያብረቀርቃል። አፍ ሲያመልጥ ራስ ሲመለጥ አይታወቅም አሉ። የኔ አፍ አላመለጠኝም ብቻ።

ይሄ ከመቀስሽ አጠገብ ያለው ወረቀት ምንድን ነው? ... የተጫዋቾች ዝርዝር? አልነካሁትም፣ በዓይኔ ነው። ዛሬ በአሥር ሰዓት ፌዴሬሽን ይገባል የተባለው ይሄ ነው ለካ። አንድ፣ ሁለት... አስራ አምስት። አስራ ስድስት ባዶ ነው። አስራ ሰባት ደግሞ ተሞልቷል። አየሽ፣ መሀል ላይ ቦታ ይተዋል፤ አርቆ አሳቢ ነው።

ግንዱ ሠላሳ ስድስት ሞላው እቴ። ጉልበቱ እንደ አሮጌ በር ሲጢጥ ማለት ጀምሯል። ከዚህ ጨዋታ ወዲያ ማንም አይጠራውም፣ እሱም ያውቀዋል። አሁንም ግን ሌሊት ዱቄት ሲያወርድ ያድርና ጠዋት ልምምድ ይሮጣል። ተረስቼ ነው ይለኛል። እኔም አዎ፣ ተረስተህ ነው እለዋለሁ። ስሙ ለመጻፍ ይከብዳል፣ ረጅም ነው፣ ከሃያ ሦስት ሰው መሀል የአንድ ጫኝና አውራጅ ስም ማን ያስታውሳል እያልኩ ለዚያ ሰው ጥብቅና የምቆመው እኔ ነኝ። እኔ እህቱ።

ምን... እጅ ነው ይሄ ከመጋረጃው የወጣው? ወረቀቱን ነው የሚፈልገው? ስጪው እንጂ፣ ምን ትደነግጫለሽ። እስክሪብቶም ጨምሪለት። ቀስ ይበል፣ እስፒሉ...

ጻፈ እንዴ? እስቲ አምጪው።

...

የወንድሜ ስም ነው። ከነአባቱ፣ ከነአያቱ። አንድ ፊደል አልሳተም። ማንንም ሳይጠይቅ... ለካ አልረሳውም ነበር።

በይ ማልያውን ነገ እወስደዋለሁ። ወረቀቱን ግን ወደ ፌዴሬሽኑ ስለማልፍ እኔ አደርስለታለሁ፣ ኮቱ እስኪያልቅ አይድከም። እንግዲህ ሳልመርቅ አልሄድም። ትልቁ ልጁ ለወጣቶቹ ቡድን ተመርጧል አሉ፣ ያውም ከፊት ከሦስቱ መሀል። እግዜር ያሳድግለት። ትከሻውን ያስፋለት፣ ከክፉ ዓይን ይሰውርለት። ምናልባት ደግሞ እንደ ሰው አንገቱን ያመመው ቀን፣ ቀይሩኝ ብሎ እጁን ያነሣ ቀን... ከመስመሩ ዳር ልክ እንደ አባቱ ያለ ሰው ያቁምለት። አሜን በሉ እንጂ።