የአራስ ቤት መስኮት

በሐምሌ ዝናብ እንጅባራ ላይ ባጃጅ ማግኘት ጭንቅ ነው። እማማ ያለምወርቅ ግን ሽበታቸው ታይቶላቸው ወደ ዘንገና በምትሄድ ባጃጅ የኋላ ወንበር ላይ ተቀመጡ። በአንድ እጃቸው ቅቤ፣ በሌላው የተጠቀለለ ላስቲክ ይዘዋል። ገና ሳይደላደሉ አንዲት ልጅ ከዝናቡ እየሸሸች ከጎናቸው ገባች። ቀና ብለው ቢያዩ የጎረቤታቸው የይኸነው ልጅ ዮዲት ናት፤ አዋላጅ ነርስ ሆና ከተመረቀች ገና ዓመት አልሞላትም።

«እንዴት ዋሉ እማማ? ልጅዎ የምሥራች ተገላገለች አሉኝ። እንኳን ማርያም ማረቻት!»

«አሜን ልጄ፣ ላንቺም ያድርግልሽ። ሴት ናት፤ እናቷን ቁርጥ።»

«ላስቲኩ ምንድን ነው? ጣራው ያፈሳል እንዴ?»

«ቆርቆሮ ምን ያፈሳል? ለአራሷ መስኮት ነው። በስንጥቁ ብርድ እየገባ ጠዋት በጨርቅ ወትፌው ነው የመጣሁ።»

የዮዲት ፈገግታ ጠፋ። «ውስጥ እሳት አለ?»

«ያለ እሳት አራስ ይሞቃታል? የራሳችንን የዲከረንስ ዛፍ ነው ያከሰልነው። ምድጃውን ሞልቼ አልጋዋ ሥር አስጠጋሁላት። ባሏን አሸናፊንም እስክመለስ በሩን እንዳትከፍት ብዬዋለሁ።»

ዮዲት ስልኳን አውጥታ ደወለች። ኔትወርክ የለም። ደግማ ደወለች።

«ክንዴ፣ በማርያም ፍጠን!» አለችው ሾፌሩን።

«መጀመሪያ ዝናቡን አቁሚልኝ፤ መንገዱ አይታየኝም» አለ ክንዴ።

እማማ ያለምወርቅ ደነገጡ። «ምን ሆንሽ አንቺ?»

«እማማ፣ በተዘጋ ቤት የሚነድ ከሰል አየሩን ይመርዛል። ሰው ይገድላል።»

«እናንተ የተማራችሁ! አልወለድሽ፣ አልታረስሽ! ደግሞ መጽሐፍ አንብበሽ ስለ አራስ ትነግሪኛለሽ? መጽሐፍ መቼ አራስ ሆኖ ያውቃል?»

ክንዴ ከፊት ሳቀ። ዮዲት አልሳቀችም።

«ልክ ነዎት፤ አልወለድሁም። መጽሐፉን የጻፉት ግን ከሰል የገደለውን ሰው ሬሳ የመረመሩ ሰዎች ናቸው።»

«እናቴ ዘጠኝ ልጅ ወልዳ ዘጠኙንም እሳት ዳር ነው የታረሰችው። ማን ሞተባት?»

ዮዲት እዚህ ላይ «የድሮ ሰው ምን ያውቃል» ብላ ቢሆን ኖሮ ነገሩ በጠብ ባለቀ ነበር። ብዙ የተማረ ሰው እውነቱን ይዞ የሚሸነፈው በዚች ቃል ነው። እሷ ግን በለዘበ ድምፅ ጠየቀች።

«የእናትዎ ቤት ምን ነበር?»

«ሣር ክዳን፤ ግድግዳው ቀርከሃ።»

«እሳቱስ?»

«እንጨት ነዋ። ጭሱ ዓይን ያጠፋ ነበር።»

«በየት ይወጣ ነበር ጭሱ?»

«በሣሩም በግድግዳውም። ከሩቅ ላየው ቤቱ የተቃጠለ ይመስል ነበር።»

«እንግዲያው እናትዎ አላጠፉም፤ ቤታቸው ይተነፍስ ነበር። የእርስዎ ቤት ቆርቆሮ ነው፤ ግድግዳው በሲሚንቶ ተለስኗል፣ ከላይም ኮርኒስ አለው። እንጨት ሲጨስ ሰው እያነባ ይወጣል። የከሰል መርዝ ግን አይታይም፣ አይሸትም። ራስ ያዞራል፣ ያቅለሸልሻል፣ ከዚያ እንቅልፍ ያመጣል። ያ እንቅልፍ ነው የሚገድል።»

እማማ ያለምወርቅ ላስቲኩን ጭናቸው ላይ አጥብቀው ያዙ። ቤቱን የሠሩት የከሰሉን ገንዘብ አጠራቅመው ነው፤ በአካባቢው የሚያኮራ ቤት ነው።

«አራስ የሚገድለውስ መጋኛ ነው» አሉ በቁጣ። «የእንቁዬን ነገር መቼ አጣሽው? ገንፎዋን በልታ፣ ስቃ ተኛች፤ ጠዋት ከነልጇ እንደተኛች ቀረች። ፊቷ እንኳ ቀይ ነበር፤ የሞተ ሰው አይመስልም። ከራስጌዋ ብረት አኑሬ ነበር እኮ! መጋኛው ግን ጽኑ ነው፤ እግሯ ሥር የተኛችውን ድመት እንኳ አልማረም።»

እንቁ የበኩር ልጃቸው ነበረች። የሞተችው በዚያው ክፍል፣ ቤቱ በተሠራ በዓመቱ ነው።

ዮዲት ፊቷን ወደ ውጭ አዞረች። ይህን ያህል ስትናገር የነበረች ልጅ ዝም ስትል እማማ ያለምወርቅ ፈሩ።

«ምነው ዝም አልሽ?»

«ይተውት እማማ። አሁን እንድረስ።»

«ተናገሪ! ድመት መጋኛ ይመታታል?»

«እኔ እንጃ።»

«ታውቂያለሽ። ከሰሉ ነው?»

«ከሰሉ ነው።»

«ከሰሉን ያስገባሁ እኔ ነኝ።»

ዮዲት እጃቸውን ያዘች። ክንዴም መሳቁን ትቷል።

«ያኔ አንዲት የጤና ሠራተኛ መጥታ ነበር» አሉ እማማ ያለምወርቅ። «ደጅ ቆማ ‹ደህና ናችሁ?› አለች፤ ‹ደህና ነን› አልን፤ ሄደች። ገብታ ብታይ ምን ነበረበት?»

«የእኛ ጥፋት ነው። በር ላይ እየቆምን የምንመለሰው እኛ ነን።»

ባጃጇ ስትቆም ላስቲኩን እዚያው ጥለው በጭቃው ሮጡ። አሸናፊ ደጅ ከጣራው ክፈፍ ሥር ተቀምጦ ቀርከሃ ይሰነጥቃል።

«ቀስ በሉ፤ ተኝታለች» አለ። «ስጠራትም አልመለሰችልኝም።»

እማማ ያለምወርቅ በሩን ገፍተው ገቡ፤ በመስኮቱ የወተፉትን ጨርቅ በገዛ እጃቸው መዘዙ። ዮዲት ሕፃኗን ታቅፋ ወጣች። አሸናፊ ሚስቱን ተሸክሞ ደጁ ላይ ሲደርስ ቆመ።

«ብርዱ እኮ…»

«ብርዱ አይደለም የሚገድላት፤ እኔ ነኝ! አውጣት!»

መጀመሪያ ሕፃኗ አለቀሰች። ቆይቶ የምሥራች አስመለሳት፤ «ራሴን» አለች። ክንዴ ሆስፒታል አደረሳቸው፤ ኦክስጅን ተደርጎላት ከሕፃኗ ጋር በሰላም ተመለሰች።

ሕፃኗ ክርስትና በተነሣችበት ቀን ሴቶቹ ተሰብስበው ሲበሉ እማማ ያለምወርቅ ቆሙ። ሰው በተኛበት ቤት ከሰል እንዳይገባ፣ አራስ በብርድ ልብስና በትኩስ ምግብ እንድትሞቅ፣ ሕፃን በእናቱ ደረት ገላ ለገላ ተደርጎ እንዲሸፈን፣ መስኮት ጥቂት ክፍት እንዲሆን፣ ራሱን ያመመው ቶሎ ወደ ደጅ እንዲወጣ ተናገሩ። እንዲህ ያደረገ ቤት አራሱንም ሕፃኑንም ያተርፋል አሉ።

«እንዲያ ከሆነማ እንቁን የገደልሻት አንቺ ነሻ!» አለች አንዷ፣ ለቀልድ ይሁን ለቁም ነገር ሳይለይ።

«አዎ፣ እኔ ነኝ። ሳላውቅ ነው። እናንተ ግን ዛሬ ሰምታችኋል።»

ከጥግ የተቀመጠችው እታለማሁ ያልጨረሰችውን ሳህን አስቀምጣ ወጣች። የእሷም ምራት አራስ ሳለች መጋኛ መታት ተብላ ነበር የተቀበረች።

ከዚያ ወዲህ በመንደሩ የወለዱ ሴቶች መስኮታቸው ክፍት ነው፤ «ራሴን» ብላ ተኝታ የቀረች የለችም። እታለማሁ ግን ለእማማ ያለምወርቅ ሰላምታ ነሳቻቸው። ቤተ ክርስቲያን ሲገናኙ በሌላ በር ትወጣለች። እሳቸውም አልተቀየሟትም።

የእታለማሁ ሴት ልጅ በወለደች ሰሞን እማማ ያለምወርቅ በደጇ ሲያልፉ የአራሷ መስኮት ተከፍቶ አዩ። እታለማሁ ምድጃውን ውጭ አውጥታ፣ ከሰሉ ላይ ውኃ እያፈሰሰች ነበር። አየቻቸው፤ ፊቷንም አዞረች። እማማ ያለምወርቅ «እንኳን ማርያም ማረቻት» ሊሉ ከንፈራቸው ተንቀሳቀሰ፤ ግን ድምፅ አላሰሙም፤ አልፈው ሄዱ።