አራቱ አጫጭር ብሎኖች

ይህን ለማንም ተናግሬ አላውቅም፤ ለባሌም፣ ለእህቴም፣ ስጸልይ እንኳ ድምፅ አውጥቼ አልተናገርኩትም። አሁን ግን አንቺ የእህቴ ልጅ፣ የበሩ እጀታ ተነቅሎ እጅሽ ላይ ሲቀር "አናጺ ሁሉ አንድ ነው፣ አጭበርባሪ!" ስትይ ደሜ ፈላ። አናጺውን ተይው! በእኔ አፍ የተነሳ እንጀራውን ያጣ አናጺ አለ። ቁጭ በዪና ስሚ።

በእኛ ጊዜ፣ ማለቴ ጡረታ ልወጣ ሁለት ዓመት ሲቀረኝ፣ ከሶዶ ወጣ ብሎ የማስተምርበት ትምህርት ቤት ለሴት ተማሪዎች አንድ ክፍል አሠራ፤ የወር አበባ ሲመጣባቸው የሚታጠቡበት። በሩን የሠራው አንጁሎ ነው፤ ወፍራም የባሕር ዛፍ በር። የትምህርት ቤቱን ዴስክ ሁሉ የሚጠግነውም እሱ ነው፣ ልጆቹን የሚያሳድገው በዚያ ነው። ታዲያ ኮሚቴው "ቲቸር፣ የሴቶች ጉዳይ ስለሆነ መቀርቀሪያውን እርስዎ ይግዙ" አለኝና በሚኒባስ ሶዶ ሄድኩ።

ባለሱቁ "ብሎኑስ? የምን በር ነው፣ እትዬ?" አለኝ። ዞር ስል አምስት ወንድ ቆሟል! አፌ ተሳሰረ። "ለወፍራም በር" ብል እኮ ይበቃ ነበር፣ ማን የምን ወፍራም በር ይለኛል? እኔ ግን "ለቁም ሳጥን ነው" አልኩ። አትሳቂ! ሳይንስ የማስተምር ሴት ነኝ፣ የሰውን አካል ሰሌዳ ላይ ስዬ የማስረዳ ሴት!

"ለቁም ሳጥን ከሆነማ አጭሩ ነው፣ ረጅሙ በወዲያ በኩል ብቅ ይልብዎታል" አለና አራት ሰጠኝ። ሰውዬው ምን አጠፋ?

እና አንጁሎ መዳፉ ላይ አድርጎ አያቸውና "ቲቸር፣ ይህ አይሆንም። የመቀርቀሪያውን ብረት አልፎ እንጨቱን ገና ሳይነክስ ያልቃል። የጣቴን ግማሽ የሚያህል ያምጡልኝ" አለኝ።

"ያው ብሎን አይደለም እንዴ? እሰረው!"

ተመልሼ እዚያ ሱቅ መቆም አፍሬ ነው እኮ! "እንግዲህ እርስዎ ካሉ" አለና በካቻቢቴ ቀስ አድርጎ አሰረው።

ሳምንት አልሞላም። በእረፍት ሰዓት ወንዶቹ ሲገፋፉ አንዱ በሩ ላይ ወደቀ፣ መቀርቀሪያው ከነብሎኑ ተነቅሎ በሩ ተበረገደ፣ ውስጥ የሰባተኛ ክፍል ልጅ ነበረች። ጮኸች። ሻርፔን አልብሼ ቤቷ አደረስኳት።

ስመለስ ኮሚቴው አንጁሎን አቁሞታል። ሰብሳቢው ጣቱን ቀስሮ፣ እንዲህ፣ "አንተ ሰነፍ! ብሎኑን በመዶሻ መትተህ ነው የሰደድከው!" ይላል።

"እኔ? በመዶሻ? ብሎኖቹ ያው በሩ ሥር ወድቀዋል፣ ርዝመታቸውን እዩ። ያልኩትን ቲቸር ያውቃሉ" አለና አየኝ። ጠበቀኝ። "እሰረው ያሉኝ እሳቸው ናቸው" ብሎ መክሰስ ይችል ነበር፣ ግን ራሴ እንድናገር ጠበቀኝ።

እኔስ? "እኔ ስለ ብሎን ምን አውቃለሁ?" አልኩ። ይህ አፍ! ሱቅ ውስጥ የተሳሰረው አፍ ለዚህ ሲሆን እንዴት ተፈታ!

ሰብሳቢው ሰዓቱን አየና "አሁን ሰዓቱ ሄዷል፣ ነገ ጠዋት ብሎኖቹን አይተን እንወስናለን። ጥፋቱ ያንተ ከሆነ ሁለተኛ ይህችን ግቢ አትረግጣትም" አለው። አንጁሎ ፊቱ በራ። "እሺ፣ ብሎኖቹ ይታዩ" አለ፤ ደስ ብሎት ሄደ፣ ይገባሻል? ደስ ብሎት!

በማግስቱ ጠዋት ዘበኛው የግቢውን በር ሲከፍት የመጀመሪያዋ እኔ ነበርኩ። "ዛሬ ማልደዋል፣ ቲቸር" አለኝ። "ፈተና አርማለሁ" አልኩት። አራቱን ብሎኖች ለቀምኩና የሽንት ቤቱ ጉድጓድ ውስጥ ጣልኳቸው። ታዲያ ኮሚቴው ከአንጁሎ ጋር ሲመጣ እኔም ጎንበስ ብዬ አብሬያቸው ፈለግሁ።