የቀመር ጸሐፊው ሁለተኛ መልስ

ሒሳብ ማስተማር ምላስ ያስረዝማል። ላሜ ጠፋችና ቆቦ ገበያ ወዳሉት ቀመር ጸሐፊ፣ ወደ ጋሽ ይማም ሄድኩ። እሳቸው የጠፋን ከብት በሒሳብ ጽፈው ነው የሚመልሱት። ደረቅ የማሽላ ቅጠል ላይ «ኤክስ ስኩዌር እኩል ይሆናል አንድ» ብለው ጻፉ፤ ከሥሩም «ኤክስ አንድ ነው» ብለው ዘጉት። እኔ መምህሩ አላስችል አለኝ።

«ጋሼ፣ ኔጌቲቭ አንድም እኮ መልስ ነው!»

«ተው መምህር» አሉኝ። የት ልተው! በራሴ እስክሪብቶ ጨመርኩበት።

ጠዋት ላሜ ደጃፌ ላይ ቆማለች። ደስ ብሎኝ ዞር ስል ግን ቤት ታስራ ያደረችው ጥጃዋ የለችም! እየሮጥኩ ተመልሼ ሄድኩ። ጋሽ ይማም ቀና እንኳ አላሉም።

«የኔው አንድ አምጥቷል፤ ያንተው ኔጌቲቭ ወስዷል። ሁለተኛውን መልስ ያልጻፍኩት ጠፍቶኝ መስሎህ ነው?»