የናሙዎንጎው ቤቴ ክስ እንዴት እንደተነሳ

ክቡራትና ክቡራን፣ ባልደረቦቼ፣ ይህን የስንብት ምሳ ስላሰናዳችሁልኝ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ኃላፊያችን አቶ ወንድይፍራው፣ እርስዎንም አመሰግናለሁ። ሃያ ሦስት ዓመት በሾፌርነቴ እናንተ ከኋላ ስታወሩ ሰምቻለሁ፤ ዛሬ ደግሞ እኔ ላውራ።

"ጋሽ መሳይ፣ ቤት ሠርተህ የለም ወይ? አዲስ አበባ ከመመለስ ለምን እዚሁ ካምፓላ አትጦርም?" ትሉኛላችሁ። ሠርቼ ነበር። እዚሁ ካምፓላ፣ ናሙዎንጎ ሰፈር፣ ሦስት ክፍል፣ ጓሮው አቮካዶ ያለበት። እኔ ወደ ሰሜን፣ ጉሉ መንገድ ላይ ስከርም ወረቀቱን ያስጨረሰው ታናሽ ወንድሜ ኪሩ ነው። በራሱ ስም አስጨረሰው። ስጠይቀው "የኔና ያንተ የሚባል ነገር አለ እንዴ?" አለኝ። ሊሸጠው እንደሆነ ስሰማ ከሰስኩት።

አራት ዓመት ፍርድ ቤት ተመላለስኩ። ከዚያ ሽማግሌ መጣ። አቶ ወንድይፍራው፣ እርስዎም ነበሩበት፤ አልወቅስዎትም። ኪሩ ጉልበቴን ስሞ "እስክትሞት ትኖርበታለህ፣ ክሱን ብቻ አንሳልኝ" አለ። አለቀስኩ። እናንተስ ብትሆኑ?

ይቺ የሕግ ክፍላችን ሔሊና በማግስቱ የስምምነት ወረቀት ጽፋ መጣች። "ጋሼ፣ ሁለታችሁም ፈርሙበትና ፍርድ ቤት ይግባ" አለችኝ። እኔ ምን አልኳት? "ተይ ልጄ፣ ሽማግሌ ካስታረቀ በኋላ ፊርማ መጠየቅ ሽማግሌውን መናቅ ነው።" ማንም አላስገደደኝም፤ እኔው ነኝ ያልኩት።

ዳኛዋም አልጨከኑብኝም። "ክሱን እንዲያነሱ እፈቅዳለሁ። ግን ቃሉን ቢያጥፍ እንደገና መክሰስ እንዲችሉ መብትዎ ይጠበቅልዎ?" አሉኝ።

"አያስፈልግም፣ ክቡር ፍርድ ቤት። ወንድሜ ነው።"

ደግመው ጠየቁኝ፤ ደግሜ ያንኑ መለስኩ። እንደዚያው ጻፉት።

ክሱን ባነሳሁ በሁለተኛው ወር ኪሩ ቤቱን ሸጠው። ገዢው ጨዋ ሰው ነው፣ ዕቃዬን እስካወጣ አንድ ሳምንት ታገሠኝ። ሔሊና ፋይሉን ይዛ ሦስት ጠበቃ ዘንድ ዞረች። ሦስቱም "በገዛ አፉ ዘግቶታል" አሏት። እንግዲህ የስንብት ቀን ነው ብዬ ተስፋ አለኝ እያልኩ አልዋሻችሁም። የለኝም። ስልሳ ዓመቴ ነው፣ መሪ ከመጨበጥ ሌላ ሙያ አላውቅም፣ ዓይኔም ደክሟል።

አዲስ አበባ ማን ይቀበልሃል ብላችሁ ነበር። ኪሩ ነው። እሱ ቀድሞኝ ገብቷል። ትናንት ደውሎ "ቦሌ መጥቼ እወስድሃለሁ፣ እኔ ጋ ትቀመጣለህ" አለኝ። ሔሊና፣ እንደዚያ አትዪኝ። ሌላ ሰው የለኝማ! እሺ አልኩት።

በሉ፣ እግዚአብሔር ልጆቻችሁን ያሳድግላችሁ። በቦዳ ሞተር ታክሲ የምትመላለሱትን ከአደጋ ይጠብቃችሁ። ማጀታችሁ አይጉደል፣ በስተርጅና ከደጃችሁ አትነቀሉ። እኔንም በጸሎታችሁ አስቡኝ፤ ቦሌ ስደርስ ኪሩን እንዳላጣው።