ሱሪው እጄ ላይ እያለ

እታለም፣ ካውያው ሞቀልሽ? ዛሬ ደግሞ ምን ዓይነት ንፋስ ነው እባክሽ! በሩን ገርበብ አድርጊውማ፤ መጋረጃው በተነሳ ቁጥር መልበሻው ውስጥ ያሉትን እንግዳችንን ብርድ ይመታብናል። ሱሪያቸውን እኔ ይዤባቸዋለሁ። የድሮ ሱሪያቸውን ነው ይዘው የመጡት፤ በምርጫ ሰሞን አሮጌ ልብስ ያምራል። ወገቡ ግን እምቢ አለ... ጌታዬ፣ ትንሽ ይታገሡኝ! ስፌቱን ፈትቼ ላስፋው ነው። የሰፋው ሰው እጁ ይባረክ፣ ይወፍራሉ ብሎ ውስጡ ጨርቅ አስተርፎልዎታል። ነገ የመጨረሻው ስብሰባዎ አይደል? ሕዝብ ፊት ሊተረተር አይገባም።

እስከዚያ እኛ እናውራ። ምን እያልኩሽ ነበር... አዎ፣ ስለዚያ ሰውዬ። አንቺ አታውቂውም። እኛም የመረጥነው ሰዎች እምብዛም አናውቀውም።

እንዴት ያለ ጨዋ መሰለሽ! አምስት ዓመት ሙሉ ምክር ቤት ተቀምጦ አንድ ቀን ክፉ ቃል ከአፉ አልወጣም። ደግም አልወጣም። ዝም አይነቅዝም ይሉ የለ? ይኸው አልነቀዘም፤ እንዲያውም ሥጋ አውጥቷል። ይተኛል ብለው የሚያሙት አሉ... ምን አለበት? እንቅልፍ የጤና ነው። እኔማ በቴሌቪዥን አንገቱን ዘንበል አድርጎ ሳየው፣ ምነው አንድ ትራስ የሚያቀብለው ሰው ጠፋ ብዬ አዝኛለሁ። ሲሾም ያልተኛ ሲሻር ይቆጨዋል፤ እንዲህ አይደል ተረቱ?

የኛ የልብስ ሰፊዎች ረድፍ ፈርሶ መኪና ማቆሚያ ይሁን የተባለበትን ቀን መቼም አትረሺውም። ምክር ቤት ከመሄዱ በፊት እዚሁ ደጃችን ቆሞ «እኔ እያለሁ አንድ ጡብ አይነካም» ብሎን ነበር። የተቃውሞ ንግግሩንም አስጽፎ ደረት ኪሱ ከቶታል፤ ወረቀቱ ብቅ ብሎ በቴሌቪዥን አይተነዋል። ስፌታችንን ትተን ተሰብስበን እንጠብቃለን። ሰብሳቢው «የምትደግፉ» አሉ። አጠገቡ የተቀመጠው ሰው እጁን ሲያወጣ በክርኑ ነካ አደረገው። ያ የኛ ሰውዬ ደግሞ ንቁ ነው መቼም! ብንን አለና እጁን ሽቅብ። ቀጥለው «የምትቃወሙ» ሲሉም አወጣ። እስቲ አንቺው ፍረጂ፣ ለድሀ ብሎ በአንድ ጉዳይ ሁለቴ እጁን የሚያወጣ ተወካይ የት ይገኛል? አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ሰብሳቢውም «አንዴ ተቆጥረዋል» አሉት። ሕጉ በአንድ ድምፅ ብልጫ አለፈ... በአንድ እጅ፣ እታለም።

ያ ንግግር ግን እስካሁን ሳይነበብ ኪሱ ውስጥ መሆኑ ነው። ዕቃ ይይዛል፣ አባካኝ አይደለም።

እናቴ ዓይኗ ስለደከመ ቴሌቪዥኑን አታይም። «ልጄ ተናገረልን ወይ?» ብላ ጠየቀችኝ። ልጄ ነው የምትለው። መጀመሪያ ሲመረጥ የለበሰውን ሙሉ ልብስ የሰፋችለት እሷ ናት፣ በዚችው የስፌት መኪና። እኔም «እጁን አወጣልሽ እማዬ» አልኳት። ውሸት ነው? አይደለም። እሷም ይኸው ዛሬ ድረስ ትመርቀዋለች። ሱቁ ይፍረስ፣ የትም ተጠግቼ እሰፋለሁ፤ የእናቴ ምርቃት ግን አንጀቴን ያሳርረዋል።

ባለፈው ሳምንት ለቅስቀሳ ሲዞር እጇን ጨብጦ «ይሄ ሱቅ አዲስ ነው እንዴ? እንዴት ያምራል!» አላት። እሷ ገና ሲስቅ በድምፁ ለይታዋለች። እሱ... ሰው ስንቱን ያስታውሳል? ሥራ የበዛበት ሰው ነው።

ጌታዬ፣ አሳለዎት እንዴ? አይዞዎት፣ አንደኛውን ጎን ጨርሻለሁ። ኧረ እንዳይወጡ! ይዘዋቸው የመጡት ፎቶ አንሺዎች ደጅ ላይ ተኮልኩለው እየጠበቁዎት ነው።

እና ያ ሰውዬ ከማን ጋር ነው የሚወዳደረው አትይኝም? ከዚያች ከመምህርቷ ጋር። ምስኪን፣ ልምድ የሚባል የላትም። «ከተመረጥኩ ሕጉ እንደገና ይታያል» እያለች በየደጁ ትለፋለች። ነቅቶ መዋል ሥራ የሚመስላት ሴት ናት... ምን እንላታለን? አንገት ለአንገት ተናንቀዋል ነው የሚባለው። ምርጫው የኛ ረድፍ ወዳዘነበለበት ያጋድላል አሉ። ማፍረሱም ከምርጫው በኋላ እንዲሆን ተደርጓል፤ አሳቢነቱን አየሽልኝ? ቀድመው ቢያፈርሱንማ ከየት ተነስተን እንመርጠው ነበር?

በይ፣ ሱሪው አለቀ፤ እንቺ፣ ካውያውን በስሱ አሳርፊበት። ጨርቁ ደግ ነው፣ አታቃጥዪው።

እኔ ለዚያ ሰውዬ ክፉ አልመኝም። እናቴ የመረቀችውን ልረግም? አፌ ይቆረጥ። የሚያሳዝነኝ ሚስቱ ናት፤ ራቷን ብቻዋን እየበላች አምስት ዓመት። ልጆቹም አባታቸውን የሚያዩት ግድግዳ ላይ በተለጠፈ ፎቶ ነው አሉ። እስቲ አብረን እንመርቀው። እግዜር ዕድሜና ጤና አብዝቶ ይስጠው። ከእንግዲህ የሰው ጉዳይ አይክበደው። ደጁ ወንበር አውጥቶ ፀሐይ የሚሞቅ፣ ጎረቤት በስሙ ብቻ የሚጠራው፣ ማንም የማያስቸግረው ያድርገው። ከእሁድ ምርጫ በኋላ ሙሉ ለሙሉ የሚስቱና የልጆቹ ያድርገው... አሜን በይ እንጂ እታለም! ጌታዬ፣ እርስዎም አሜን ይበሉ፤ ሱሪዎ ደርሷል።