መሐላ የፈሩ ምስክር

ከባለቤቴ ጋር ለመጨረሻ ጊዜ የሠራነው ነገር፣ ወልድያ ፍርድ ቤት በር ላይ ማመልከቻ የሚጽፍበትን ጠረጴዛ ተጋግዘን ቤት ማስገባት ነበር። እሱ ካረፈ ከወራት በኋላ ከመርሳ በሚኒባስ ስመለስ፣ ከፊቴ አንዲት ወጣትና ግራና ከሚባለው ገጠር የመጡ አንድ ሽማግሌ ያወሩ ነበር።

«ፊልም ሠሪ ከሆንሽ ለምን አትዘፍኝም?»

«የኔ ፊልም ዘፈን የለውም አባባ። ወንጀል ሠርታችኋል ተብሎ የተፈረደባቸውን ሰዎች እውነተኛ ታሪክ ነው የምቀርጸው።»

«ይኸ ያበላል?»

«እናቴም ይህንኑ ነው የምትጠይቀኝ።»

«የጎረቤቴ ልጅ በሬ ሰረቅህ ተብሎ ተፈርዶበት ታስሯል። ይኸው ስንቁን ይዤለት እየሄድኩ ነው። በሬው የጠፋ ቀን ግን ከእኔ ጋር ማሽላ ሲወቃ ነው የዋለው።»

«ታዲያ ለምን አልመሰከሩለትም?»

«ቁርኣን ይዘው ይማሉ ሲሉኝ ጥዬ ወጣሁ። እውነት ቢሆንም መሐላ እፈራለሁ። ላንቺ ካሜራ ከሆነ ሳልምል እናገራለሁ።»

«የኔ ካሜራ አያስፈታውም አባባ። ይግባኝ ይባልና ዳኛው ፊት ምለው ይናገሩለት። እኔ በር ላይ እጠብቅዎታለሁ።»

ሽማግሌው ስንቁን አቀፉ።

«በይ እሺ፣ ኢንሻአላህ እምላለሁ። ማመልከቻውንስ ማን ይጽፍልናል?»

የባለቤቴን ጠረጴዛ ከቤት አወጣሁት፤ አሁን እዚያው ፍርድ ቤት በር ላይ ማመልከቻ እጽፋለሁ።